አያ ጅቦና ባለ ሁለት ስሙ ወንዝ

አንድ ጊዜ፣ ወንዞች ስማቸውን ከእንስሳት አፍ በሚቀበሉበት ዘመን፣ በአንድ ረጅም ሸንተረር ላይ አያ ጅቦ ከሚስቱ ከእመት ጅቢትና ከሁለት ልጆቹ ጋር ይኖር ነበር። የበኩር ልጁን ቅልጥም፣ ታናሺቱን ደግሞ ጉርሻ ብሎ ስም አውጥቶላቸዋል። ከእነዚህ የተሻለ ስም በምድር ላይ ያለ አይመስለውም ነበር።

ከሸንተረሩ በስተምሥራቅ ገደሉን ታክኮ የሚወርድ ወንዝ አለ። ከድንጋይ ጋር እየተላተመ ስለሚጮኽ እንስሳቱ «ጉምጉሜ» ይሉታል። ከሸንተረሩ በስተምዕራብ ደግሞ በሜዳው መካከል ቀስ ብሎ የሚሄድ ወንዝ አለ። ድምፅ ስለሌለው «ዝምተኛው» ይባላል። አያ ጅቦ ቤቱ በሁለቱ መካከል በመሆኑ ይኩራራ ነበር። «ሌላው አንድ ወንዝ ፍለጋ ስንት አገር ያቋርጣል፤ እኔ ግን በግራም በቀኝም ወንዝ አለኝ!» ይላል። የሚጠጣው ግን ሁልጊዜ ከዝምተኛው ነው። ቁልቁለቱ አይከብድም፣ ዳርቻው ለስላሳ ሣር ነው፣ ለልጆችም ይመቻል። የጉምጉሜን ገደል መውረዱ ባይከፋም መውጣቱ ትንፋሽ ያሳጥራል።

ወንዞቹ ከየት ተነሥተው ወዴት እንደሚሄዱ አያ ጅቦ ጠይቆ አያውቅም። ውሃው አለ፤ ይጠጣል፤ በቃ።

አንድ ዓመት በቆላው ዝናብ ቀረ። ሣሩ ተቃጠለ፤ በሬውም ጎሹም ድኩላውም በየሜዳው ወደቀ። አገሩ ሁሉ ሲያዝን አያ ጅቦ ሠርግ የተጠራ መሰለው። በላ፣ በላ፣ አሁንም በላ። ሆዱ እንደ ከበሮ ተነፍቶ መራመድ ሲያቅተው እንኳ፣ የተረፈውን ለአሞራ መተው አንጀቱ እምቢ አለው። ስለዚህ ያገኘውን ሁሉ እየጎተተ ደጃፉ ላይ ከመረው። ባይበላውም የእሱ መሆኑን ማየት ደስ ይለው ነበር።

ክምሩ ሸተተ። ዝንቡ እንደ ደመና ሆኖ በዋሻው አፍ ላይ ተንጠለጠለ። እመት ጅቢት ታግሣ ታግሣ በመጨረሻ አንገሸገሻት።

«ኧረ አንተ ሰውዬ፣ ይሄ ቤት ነው ወይስ ቄራ?» አለችው። «ልጆቹ እንቅልፍ አጥተዋል። ወይ ብላው፣ ወይ ጣለው!»

«ሥጋ ደግሞ ይጣላል እንዴ?»

«እንግዲያው እኔ ልጆቼን ይዤ ልሂድልህ?»

ይህን ሲባባሉ ቀበሮ ብቅ አለ። ቀበሮ ከእነሱ በላይ፣ ከጉምጉሜ ምንጭ አጠገብ የሚኖር ጎረቤታቸው ነው። ነገር ሲገባው ፈጣን፣ ሌላውን ነገር ውስጥ ሲያስገባ ደግሞ የባሰ ፈጣን ነበር። ክምሩን አየ፣ አፍንጫውን በጅራቱ ሸፈነና ሳቅ አለ።

«ለዚህ ነው የምትጣሉት? ጉምጉሜ ውስጥ ክተተው!»

«ይጠፋብኛላ» አለ አያ ጅቦ።

«ለምን ይጠፋብሃል? ገደሉ ሥር ጥልቅ ኩሬ አለ። ውሃው ቀዝቃዛ ስለሆነ ደህናው ሥጋ እዚያ ይቆይልሃል። የሸተተውን ደግሞ ወንዙ ጠራርጎ ይወስድልሃል። ወንዝ ሌላ ምን ሥራ አለው?»

«ወዴት ነው የሚወስደው?»

«ወደ ታች ነዋ።»

«ታች ማን አለ?»

«እኔ ምን አውቄ! ታች ያሉት ይወቁበት። አንተ ታች ነህ እንዴ? አንተ እኮ ሸንተረር ላይ ነህ።»

አያ ጅቦ ዙሪያውን ቃኘ። እውነትም ሸንተረር ላይ ነበር። ይህን የመሰለ ምክር በነጻ ማግኘቱ ገረመው። ቀበሮ ያልነገረው ነገር ቢኖር፣ ሥጋ በሚበሰብስበት ውሃ ዳር ሸርጣንና አይጥ እንደሚሰበሰብ፣ እሱም ሸርጣንና አይጥ አጥብቆ እንደሚወድ ነው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አያ ጅቦ ያገኘውን ሁሉ ወደ ገደሉ እየገፋ ይለቀው ጀመር። ቆዳው፣ አንጀቱ፣ ፈርሱ፣ ጭንቅላቱ፣ ሁሉም እየተንከባለለ ወርዶ ኩሬው ውስጥ ቦጭ ይላል። ደጃፉ ጸዳ፤ ዝንቡ ሄደ፤ እመት ጅቢትም ዝም አለች። ቀበሮ ጠዋት ጠዋት ኩሬው ዳር ሸርጣኑን እየለቀመ ወፈረ።

ብዙም ሳይቆይ ግን ዝምተኛው መልኩን ለወጠ። መጀመሪያ እንቁራሪቶቹ ጠፉ። ቀጥሎ በሣሩ ሥር ቡናማ አረፋ ታየ። ከዚያም ዓሣዎቹ ነጭ ሆዳቸውን ወደ ሰማይ አዙረው መንሳፈፍ ጀመሩ። አያ ጅቦ ዓሣዎቹን ሲያይ፣ «ይሄ ወንዝ ደግሞ ከመጠጡ ጋር ምሳም መስጠት ጀመረ!» ብሎ ለቃቅሞ በላቸው።

ቅልጥም ሆዱን ታመመ። ሲጠጣ ያስመልሰዋል፤ ሲያስመልሰው ይጠማዋል፤ ሲጠማው ያንኑ ውሃ መልሶ ይጠጣል። አንድ ማለዳ ሳይነሣ ቀረ። አያ ጅቦ ቀኑን ሙሉ በአፍንጫው እየነካካ ሊቀሰቅሰው ሞከረ። ሲመሽ ጉድጓድ ቆፍሮ አፈር አለበሰው። በዕድሜው ሙሉ ሥጋ ሲቀብር ያ የመጀመሪያው ነበር።

እመት ጅቢት ጮኻ አላለቀሰችም። «ጉርሻንም ዛሬ አስመለሳት» ብቻ አለችው።

አያ ጅቦ በማግሥቱ አንበሳ ወዳለበት ትልቅ ዋርካ እየሮጠ ሄደ። አንበሳ የሚኖረው ከሜዳው በታች፣ በዚያው በዝምተኛው ዳር ነው። እዚያ ሲደርስ እንስሳቱ ቀድመውት ተሰብስበው ነበር። የሁሉም ልጆች ታመዋል። የአንበሳም ጎፈሬ ሳስቶ፣ ዓይኑ ጎድጉዶ ነበር።

«ጌታዬ!» አለ አያ ጅቦ መሬት ላይ ተደፍቶ። «ዝምተኛውን የመረዘ አለ። ልጄን ገደለብኝ። ፍረዱልኝ!»

«ማን ነው?» አለ አንበሳ።

«አላውቅም። ግን ወንዙን ሽቅብ ተከትለን ብንሄድ እናገኘዋለን። ከላይ ያለ አንድ ክፉ ነው። እሱ ከላይ ሆኖ እየጣለ፣ እኛ ከታች ሆነን እየሞትን!» እንባው በእውነት ይወርድ ነበር።

«ካገኘነውስ ምን ይደረግ?»

«ለእኔ ይሰጠኝ። ሰኮናውን ሳላስቀር እበላዋለሁ።»

አንበሳም፣ «ልጅህ ነው የሞተው፤ ይሁንልህ» አለ። እንስሳቱም ፍርዱን ሰሙ።

ተነሡ። አያ ጅቦ ከፊት፣ አንበሳ ከኋላው፣ የቀረው እንስሳ ከእነሱ በኋላ እየሆነ ወንዙን ሽቅብ ተከተሉት። ቀበሮ ወሬው ደርሶት ነበርና ከመንገድ ላይ ተቀላቀላቸው።

«አያ ጅቦ» አለው ወደ ጆሮው ጠጋ ብሎ፣ «በዚህ ፀሐይ ምን ያደክምሃል? እዚሁ አካባቢ አንዱን ያዝና ጨርስ።»

«የለም፣ እውነተኛውን ነው የምፈልገው» አለ አያ ጅቦ። ቀበሮ ከዚያ በኋላ ወሬ አላበዛም።

ከሜዳው በላይ ወንዙ ደንገል ውስጥ ይገባል። ከደንገሉ በላይ ሰፊ ባሕር ሠርቶ ይተኛል። እዚያ አባ ጉማሬ ይኖራሉ። በአገሩ ካለው እንስሳ ሁሉ በዕድሜ የሚበልጡ ናቸው። ያን ቀን ውሃው ውስጥ ሳይሆኑ ዳር ላይ ጭቃ ለብሰው ተኝተው አገኟቸው።

«ወንዙን እርስዎ ነዎት ያበላሹት?» ብሎ ጮኸባቸው አያ ጅቦ።

«እኔማ ተበላሽቶብኝ ነው ውጭ የምተኛው» አሉ አባ ጉማሬ በእርጋታ። «ጀርባዬን እየው፣ ቆስሏል። ከላይ ነው የሚመጣው።»

«እኔም ያልኩት ይሄንኑ ነው! ላይኛው ወንዝ ከየት ነው የሚመጣው?»

«ከየት ይመጣል ብለህ ነው? በአያቴ ዘመን ይህ ወንዝ በዚህ በኩል አልነበረም። ከምንጩ ተነሥቶ ቀጥ ብሎ ወደ ምሥራቁ ቆላ ይወርድ ነበር። ኋላ ምድር ተንቀጠቀጠና ተራራው ተንዶ መንገዱን ዘጋው። ወንዙ መውጫ ሲያጣ የሸንተረሩን አፍንጫ ዞሮ ወደዚህ መጣ። በዚያ በኩል ይጮኻል፣ በዚህ በኩል ዝም ይላል። ወንዙ ግን ያው አንድ ነው። በስም ለሁለት የከፈላችሁት እናንተ ናችሁ።»

«አርጅተዋል፣ ነገር ይምታታባቸዋል» አለ ቀበሮ በሹክሹክታ። አያ ጅቦም አልሰማቸውም ማለት ይቻላል። ወንጀለኛውን ሲያገኘው ከጭኑ ልጀምር ወይስ ከሆዱ እያለ ያስብ ነበር። አንበሳ ግን አያ ጅቦን አንድ ጊዜ አየት አድርጎ መንገዱን ቀጠለ። አባ ጉማሬም እያነከሱ ተከተሉ።

ወንዙ ቀስ በቀስ ይጠብና ይፈጥን ጀመር። ዳርና ዳሩ ሣር መሆኑ ቀርቶ ድንጋይ ሆነ። የሸንተረሩን አፍንጫ ሲዞሩ ውሃው ድምፅ አወጣ።

«ዝምተኛው ዛሬ ምን ነካው? ይጮኻል እኮ» አለ አያ ጅቦ።

ጥቂት እንደሄዱ ሽታው መጣ። ሌሎቹ እንስሳት ፊታቸውን አዞሩ፤ አያ ጅቦ ግን ሳያስበው ምራቁን ዋጠ። ወዲያው ገደሉ ሥር ጥቁር ኩሬ ታያቸው። ኩሬው ውስጥ ቆዳና አጥንት፣ ጭንቅላትና አንጀት ተቆልሎ ከውሃው በላይ ወጥቷል። ከክምሩ ሥር የሚወጣው ውሃ እንደ ዝቃጭ ወፍራም ነው። ከክምሩ በላይ ያለው ውሃ ደግሞ ጠጠሩ እስኪታይ ድረስ ጥርት ያለ ነው። እመት አህያ ከዚያ ከጥሩው ዳር ቆማ ትጠጣ ነበር። ሁሉም ሲመጡባት ደንግጣ ጆሮዋን ቀሰረች።

«አገኘነው!» ብሎ ጮኸ አያ ጅቦ። «አያችሁ ይሄን ስግብግብ! ይሄን ሁሉ ሰብስቦ፣ ሳይበላው...»

እዚህ ላይ ድምፁ ቆመ። ከክምሩ አናት ላይ የነበረውን የጎሽ ጭን ያውቀዋል። ጥርሱ ያረፈበትንም ቦታ ያውቀዋል። ቀስ ብሎ ወደ ላይ ቀና አለ። ገደሉ አፋፍ ላይ የገዛ ዋሻው አፍ ይታያል። እመት ጅቢት ጉርሻን በእግሮቿ መካከል አስተኝታ፣ ምን ተሰብስቦ ነው ብላ ቁልቁል ታያቸው ነበር።

አያ ጅቦ ባለበት ቁጭ አለ።

ቀበሮ ግን ነገሩ እንዲህ እንደሚሆን ገና ከደንገሉ ጀምሮ ያውቅ ነበርና ቶሎ ብሎ ወደ መሐል ገባ።

«ጌታችን አንበሳ፣ ምርመራ አያስፈልግም!» አለ። «እመት አህያን ተመልከቷት። ሁላችን ከታች መርዝ ስንጠጣ እሷ ከላይ ቆማ ጥሩውን ትጠጣለች። ከታች ያለው መበላሸቱን ባታውቅ ለምን ከላይ ትጠጣለች? ያወቀችው ራሷ ስላበላሸችው ነው!»

«ኧረ እኔ ሥጋ አልበላ!» አለች እመት አህያ። «እኔ የምኖረው እዚሁ ወንዝ ዳር ነው። ውሃው ከታች ሸተተኝ፣ ወደ ላይ ወጣሁ። ሌላ ምን አጠፋሁ?»

«ሰማችሁ? ሸተተኝ አለች። ሸትቷት ዝም አለች!» አለ ቀበሮ። ከዚያም ወደ አያ ጅቦ ዞሮ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «አፍህን ዝጋና ዕድልህን ብላ። ተፈርዶልሃል። የሰባች አህያ ናት።»

እንስሳቱ አጉረመረሙ። አንዳንዱ አመነ፣ አንዳንዱ ደክሞት ነበርና ነገሩ ቶሎ ቢያልቅ ወደደ። አንበሳ ከድንጋይ ላይ ተቀመጠ።

«አያ ጅቦ፣ ፍርዱ የአንተ ነው ብያለሁ» አለ። «ወንዙን ያበላሸው ለአንተ ይሰጣል። እመት አህያ ናት ካልክ ውሰዳት።»

አያ ጅቦ እመት አህያን አያት። እውነትም የሰባች ናት። ምራቁ በአገጩ ላይ ወረደ። አንድ እግሩን አነሣ። ከዚያ ሽቅብ ዋሻውን አየ፤ ጉርሻ አንገቷን ማንሣት አቅቷት በእናቷ እግር ላይ ተጋድማለች። ያነሣውን እግር መልሶ አስቀመጠው። ማሰብ ልማዱ ስላልነበር ግንባሩ ተኮማተረ፤ ጭንቅላቱ ውስጥ አንድ ከባድ ነገር ሽቅብ እየጎተተ ያለ ይመስል ነበር።

«ጌታዬ» አለ በመጨረሻ፣ «አንድ ነገር ልጠይቅ?»

«ጠይቅ።»

«እመት አህያን ከበላኋት በኋላ... ውሃው ይጠራል?»

አባ ጉማሬ ከኋላ መለሱ።

«አይጠራም ልጄ። ያ ክምር እዚያ እስካለ ድረስ አይጠራም።»

«ታዲያ ጉርሻ ነገ ምን ትጠጣለች?»

«ያንኑ ነው የምትጠጣው።»

አያ ጅቦ ራሱን ዝቅ አደረገ። «እንግዲያው እመት አህያን ተዉአት» አለ። «ክምሩ የእኔ ነው። ከላይ የጣልኩት እኔ ነኝ። ሌላ ወንዝ ነው ብዬ ነው። ልጄን የገደልኩት እኔ ነኝ።»

ቀበሮ ዓይኑን ጨፈነ።

«በራስህ ላይ ነው የፈረድከው» አለ አንበሳ።

«አዎ ጌታዬ። ሰኮናውን ሳላስቀር እበላዋለሁ ብያለሁ። ግን ራሴን ከየት ጀምሬ እንደምበላ አላውቅም።»

በሌላ ቀን ቢሆን ይሳቅ ነበር። ያን ቀን ግን የሳቀ የለም።

አንበሳ ወደ ውሃው ዞረ። የሱም ልጆች ከዚያ ውሃ ጠጥተው ታመዋል፤ መዳፉን ከድንጋዩ ላይ ሲያነሣ ጥፍሮቹ ወጥተው ነበር። መልሶ ከተታቸው።

«ብገድልህ አንድ ሬሳ እጨምርበታለሁ እንጂ ወንዙን አላጸዳውም» አለ። «ወደ ኩሬው ግባ። የጣልከውን ሁሉ በጥርስህ እየጎተትህ ከውሃ ርቀህ ቅበረው። አንዲት አጥንት ብትቀር አውቃለሁ። አንተም ቀበሮ፣ ወዴት ነው?»

ቀበሮ ቁጥቋጦ ውስጥ ግማሽ ገላውን አስገብቶ ነበር። «እኔ የጣልኩት ነገር የለም ጌታዬ» አለ። «እኔ ክተተው ያልኩት በቃል ብቻ ነው።»

«እኔም አንተን ቆፍር አልልህም። ውሃው እስኪጠራ ድረስ ግን ምንጩን ትተህ ከክምሩ ሥር ትጠጣለህ። አሁን ጀምር።»

ቀበሮ ምላሱን ሲያስነካ ፊቱ ተጨማደደ። ሸርጣኑን ሲለቅምበት የነበረው ውሃ እንዲህ መምረሩን ከዚያ በፊት አልቀመሰውም ነበር።

አያ ጅቦ ገባ። ሥራው ከባድ ነበር። የረጠበ ቆዳ ከደረቁ ይልቅ ይከብዳል፤ ገደሉም አያዝንም። ጥርሱ ተሰበረ፤ እግሩ ተላጠ። አንዳንዴ ጎትቶ የመጣው አጥንት ላይ ጥቂት ደህና ሥጋ ያገኛል፤ ያሸተዋል፤ ከዚያ ቅልጥም ትዝ ይለውና ከአፈር ይጨምረዋል። እመት ጅቢት ቀን ቀን ጉርሻን ከክምሩ በላይ ካለው ጥሩ ውሃ እየወሰደች ታጠጣት ነበር። ማታ ሲመለስ አታናግረውም ነበር፤ ግን ቁስሉን ትልስለታለች።

ክረምቱ ሲገባ ወንዙ ሞልቶ ኩሬውን አጠበው። ጎርፉ ከጎደለ በኋላ ውሃው ሸንተረሩን ዞሮ ወደ ሜዳው ሲደርስ የታች ጠጠሩ ይታይ ጀመር። አባ ጉማሬ ወደ ባሕራቸው ተመለሱ። እንቁራሪቶቹም አንድ በአንድ መጡ። እመት አህያ አንድ ቀን ከማዶ ሆና፣ «አያ ጅቦ፣ ያን ቀን ስላልበላኸኝ እግዜር ይስጥልኝ» አለችው።

«ቀረብ በይና እንጫወት እንጂ!»

«የለም፣ ከዚሁ እንጫወት» አለች። አያ ጅቦ አልከፋውም፤ ራሱም በራሱ ያን ያህል እርግጠኛ አልነበረም።

ጉርሻ ዳነች፤ እንደ እኩዮቿ ግን አልፈረጠመችም፤ ጥቂት ሮጣ ትደክማለች። ውሃ በጠማት ቁጥር አያ ጅቦ አብሯት ይወርዳል። ዳር ላይ ያስቆማትና እሱ ቀድሞ ይቀምሳል። ውሃው በምላሱ ላይ እስኪሞቅ ድረስ ይዞት ይቆያል። ከዚያ ነው «ጠጪ» የሚላት።

ከዚህ የምንማረው፣ ከደጃችን ገፍተን የጣልነው ቆሻሻ ከዓይናችን ስለራቀ ብቻ የጠፋ እንደማይሆንና፣ ጥፋተኛ ፍለጋ የወጣ መንገዱ ወደ ራሱ ቢመልሰው በሌላው ከማሳበብ ይልቅ ጥፋቱን አምኖ ማጽዳት እንደሚገባው ነው።